ስም የሌለው ዘፈን



ዛሬ የምናገርበት ጉዳይ ለአንዳንዶቻችሁ ቀላል መስሎ ይታያችሁ ይሆናል፤ ይኸውም ሕዝባችን በእጅ ስልኩ ስለሚያየውና ስለሚሰማው ዘፈንና ጨዋታ ነው። ነገር ግን እናንተ በየመሥሪያ ቤቱ የመዝገብን ጥቅም የምታውቁ ሰዎች ስለሆናችሁ፣ ነገሩ ከሌላው ይልቅ እናንተን የሚመለከት ይመስለኛል።

ባለፈው የሠርግ ወራት በነቀምት ከተማ በአንድ ሻይ ቤት ተቀምጬ ሳለሁ፣ አጠገቤ የነበረ ወጣት በስልኩ አጭር ቪዲዮ ይመለከት ነበር። «የአርጆ ገረርሳ» የሚል ጽሕፈት ተጽፎበታል። ገረርሳ በኦሮሞ ዘንድ ሰው ጀብዱውንና ብሶቱን የሚያዜምበት ነው። ድምፁ የሽማግሌ ድምፅ ሲሆን፣ ከሥሩ ከወዴት እንደ መጣ ያልታወቀ የከበሮ ምት ተጨምሮበታል። «አዛውንቱ ማን ይባላሉ?» ብዬ ጠየቅሁት። ወጣቱም ከላይ እስከ ታች ፈልጎ፣ «ጋሼ፣ የገጹ ባለቤት ስም ነው እንጂ የሳቸው አልተጻፈም» አለኝ።

ይህን የምለው አዲሱን ነገር ለመንቀፍ አይደለም። ቴሌቪዥን በ1957 ዓ.ም. አገራችን ሲገባም ሆነ ኋላ ካሴት ሲስፋፋ፣ የወለጋ ዘፋኝ በሰፊው እንዲሰማ ቢፈልግ መንገዱ ወደ አዲስ አበባ ነበር። ዩቲዩብ በ1997 ዓ.ም. ከተቋቋመ ወዲህ ግን በሩ በብዙ አገር ተከፍቷል።

የኢንዶኔዥያን ነገር እንመልከት። ይህች አገር በ1947 ዓ.ም. በባንዱንግ ጉባኤ ላይ መልክተኞቻችንን ያስተናገደች፣ ቴሌቪዥኗንም በ1954 ዓ.ም. የጀመረች፣ እንደኛም ብዙ ቋንቋ የሚነገርባት ናት። ነሐሴ 11 ቀን 2014 ዓ.ም. የነጻነት በዓሏ ሲከበር፣ ፋረል ፕራዮጋ የሚባል የ12 ዓመት ልጅ በቤተ መንግሥቱ ቆሞ፣ በብሔራዊው ቋንቋ ሳይሆን በጃቫ ቋንቋ ዘፈነ፤ ሚኒስትሮችም ተነሥተው ጨፈሩ። ልጁ ቀድሞ በመንገድ እየዘፈነ ካላፊ አግዳሚው ሳንቲም ይቀበል ነበር። ዝናውን ያወጣለት በኢንተርኔት የተሠራጨ ቪዲዮ ነው። የዘፈኑ ደራሲ ግን ሌላ ሰው ነው፤ አባህ ላላ ይባላል፤ ስሙም ከዘፈኑ ጋራ አልጠፋም።

ወደ ወለጋ ስንመለስ የምናገኘው ይህን አይደለም። ከስሙ ሌላ ደግሞ የማስቀመጫው ነገር አለ። ከታኅሣሥ 2012 ዓ.ም. መጨረሻ እስከ መጋቢት መጨረሻ ድረስ በምዕራብ ኦሮሚያ ኢንተርኔት ተቋርጦ ነበር፤ በቄለምና በምዕራብ ወለጋ ስልኩ ጭምር። በዚያ ወራት ሰው የገዛ አገሩን ዘፈን ለመስማት ቢፈልግ የሚያገኘው ቀድሞ በስልኩ ያስቀረውን ብቻ ነው። የቀረው በባዕድ አገር መኪና ውስጥ ተቀምጧል።

መብራትም ስልክም ባልነበረበት ዘመን ግን ይህን ሥራ በብዕር የሠራች ሴት ነበረች። አስቴር ጋኖ በምፅዋ አጠገብ በእምኩሉ ከኦነሲሞስ ነሲብ ጋራ ስትሠራ፣ ወደ 500 የሚጠጋ የኦሮሞ ዘፈን፣ ተረትና ምሳሌ ሰበሰበች። ከፊሉም በ1894 በአውሮፓ አቈጣጠር በታተመው የኦሮምኛ ንባብ መጽሐፍ ገባ። በ1896 ዓ.ም. ወደ ነቀምት መጥታ ማስተማር ጀመረች። የጻፈችው ከመቶ ዓመት በላይ ቆይቶ ዛሬም ይነበባል። የእኛ መሣሪያ ከርሷ ብዕር ይልቃል፤ ድምፅን ከነፊቱ ይይዛልና። የሚያሳፍረውም ይኸው ነው።

እንግዲህ በሚመጣው ሠርግ ስልካችሁን ስታነሡ፣ አስቀድማችሁ የዘፋኙን ፈቃድ ጠይቁ፤ የቅጅና ተዛማጅ መብቶች አዋጅ ቁጥር 410/1996 ለከዋኙም መብት ሰጥቶታልና። ከዚያም ስሙን፣ የመንደሩን ስምና ቀኑን ከቪዲዮው ሥር ጻፉ። አንድ ግልባጭም በቤታችሁ ይቀመጥ፤ የወረዳችሁ የባህል ጽሕፈት ቤት የሚቀበል ከሆነ ሁለተኛውን ለእርሱ ስጡ።

ለሻይ ቤቱ ወጣት ስልክ ቁጥሬን ሰጥቼው፣ የአዛውንቱን ስም ከአርጆ ሰዎች አጠያይቆ እንዲነግረኝ አደራ ብዬዋለሁ። እስካሁን አልደወለም።