ሬሳ የሌለው ለቅሶ
(በእድራችን ዓመታዊ ጠቅላላ ጉባኤ ላይ የተነበበ ንግግር)



ስለ ሃይማኖትና ስለ ሐዘን ጥቂት ተናገሩ ተብለን ታዘናል። እኛ በጽሕፈት ሥራ አርጅተን ጡረታ የወጣን ነን እንጂ ካህንም ሐኪምም አይደለንም። ቢሆንም ለቅሶ ቤት ስንቀመጥ ያየነውንና ከታሪክ ያነበብነውን እናካፍላለን። መጨረሻ ላይ ለጉባኤው የምናቀርበው ጥያቄም አለን።

ሃይማኖት ለሐዘን ልክ አበጅቶለታል። ክርስቲያኑ ሬሳውን ገንዞ፣ ፍትሐት አስደርሶ ከቀበረ በኋላ ሣልስት፣ ሰባት፣ ዐሥራ ሁለት፣ ሠላሳ፣ አርባ፣ ሰማንያ፣ መንፈቅ፣ ሙት ዓመት እያለ ይቆጥራል። ሙስሊሙ ጎረቤታችን ጀናዛውን አጥቦ፣ ከፍኖ፣ ሰግዶበት ሳያድር ይቀብራል። ሐዘኑም ሦስት ቀን ነው፤ ባል የሞተባት ግን አራት ወር ከዐሥር ቀን ትጠብቃለች። ይህ ቁጥር እንዲያው ለወጉ የመጣ እንዳይመስላችሁ። ያዘነ ሰው ቀንና ሌሊቱ ይምታታበታል። ነገ አርባው ነው ሲሉት ግን ንፍሮ ይቀቅላል፣ ውኃ ያስቀዳል፣ ሰው ይጠራል። ሳያውቀው አርባ ቀን ኖሯል ማለት ነው። (ተዝካር በሬ እያሸጠ ስንቱን ደኻ ባለዕዳ እንዳደረገ እናውቃለን፤ እሱ ሌላ ጊዜ የምንነጋገርበት ነው።)

አገራችን ይህን ሁሉ «እርም ማውጣት» ትለዋለች። እርሙን ያላወጣ ሰው ምን እንደሚሆን ደግሞ ሁላችንም አይተናል። በር በተንኳኳ ቁጥር ይደነግጣል። ለቀረው ልጁ እራት ያስቀምጣል። ሌሊት ይባንናል፣ ከሰው ይሸሻል፣ ያለ ምክንያት ይቆጣል። የዛሬ ሐኪሞች የአእምሮ ቁስል ይሉታል።

ታዲያ ሥልጣን ለምን ለቅሶን ይፈራል? እኛ እንደሚመስለን ለቅሶ ሰው ስለሚሰበስብ ነው። ድንኳን ውስጥ የተቀመጠ ሰው ማን ሞተ፣ እንዴት ሞተ፣ ማን ገደለው ብሎ ይጠይቃል። አልቃሿም የሟቹን ስም ትጠራለች።

ከሐይቃችን ሳንርቅ እንይ። አፄ ሱስንዮስ በጎርጎራና በደንቀዝ ተቀምጠው ሲገዙ በ1614 ዓ.ም. የካቶሊክን እምነት ተቀበሉ። ለራሳቸው መቀበላቸው ያባት ነው። ነገር ግን አልፎንሶ ሜንዴዝ የሚባለው ፓትርያርክ በ1617 ዓ.ም. ከመጣ በኋላ ሕዝቡ እንደገና ይጠመቅ፣ ካህኑ እንደገና ይካን፣ ጾሙና በዓሉ ይለወጥ ተባለ። ታሪክ ጸሐፊዎች የመዘገቡት አንድ ነገር ደግሞ እድርተኛ ሲሰማው ይዘገንነዋል። በቤተ ክርስቲያን ውስጥ የተቀበረ የአንድ እጨጌ አስከሬን፣ የነሱ ወገን አይደለም ተብሎ ተቆፍሮ ወጣና ተጣለ። ሕዝቡን ካስቆጡት ነገሮች አንዱ ይህ ነበር። መቃብር ሲነካ ማን ይችላል?

በ1624 ዓ.ም. ከላስታ የመጣው ሠራዊት ከንጉሡ ጋር ገጥሞ ብዙ ገበሬ አለቀ፤ ስምንት ሺህ ያህል ነው ይሉታል። ድሉ የንጉሡ ነበር። ሆኖም መኳንንቱ ሬሳው ወደ ወደቀበት ሜዳ ወስደዋቸው፣ እነዚህ ባዕድ አይደሉም፣ የገዛ ወገኖቻችን ናቸው ብለው እንደተናገሩዋቸው ተጽፏል። ንጉሡም ከዚያ በኋላ ሁሉም ወደ ቀድሞ ሃይማኖቱ ይመለስ ብለው ዐወጁ፣ ዘውዱን ለልጃቸው ለፋሲለደስ ለቀቁ፣ ብዙም ሳይቆዩ ሞቱ። ኋላም ተራው ደረሰና በካቶሊክነታቸው የጸኑት ተሳደዱ። የአፄ ፋሲለደስ ዐፅም ዛሬ ከአፄ ዘርዓ ያዕቆብ ዐፅም ጋር በዳጋ እስጢፋኖስ አለ። ደሴቱ ሴት ስለማይገባበት እናቶቻችን አላያችሁትም እንጂ፣ መነኮሳቱ ሲያሳዩ ሰው ሁሉ ዝም ይላል።

አሁን ወደ ራሳችን ዘመን እንምጣ። በ1969 እና በ1970 ዓ.ም. በቀይ ሽብር ጊዜ ልጅ ተገድሎ መንገድ ላይ ሲጣል እናት እንዳታለቅስ ተከለከለ። ሬሳውን ልውሰድ ያለ ሰው የጥይት ዋጋ የተጠየቀበት ጊዜ ነበር። ጡሩንባ አልተነፋም፣ ድንኳን አልተተከለም። እኛ የምናውቃቸው አንዲት እናት ነበሩ። ልጃቸው እንደ ወጣ ቀረ። እሳቸውም የማያውቁት ሰው እንኳ ቢሞት ነጠላቸውን አዘቅዝቀው ሄደው ከባለ ሐዘኖቹ በላይ ያለቅሱ ነበር። ሰው «እኚህ ሴትዮ ምን ሆኑ?» ይላል። እኛ ምን እንደሆኑ እናውቅ ነበር፤ በሰው ለቅሶ የራሳቸውን እያለቀሱ ነው።

ሃይማኖቱስ ራሱ ከዚህ መች አመለጠ? የጎጃም ደብረ ኤልያሱ ተወላጅ ፓትርያርክ አቡነ ቴዎፍሎስ በ1968 ዓ.ም. ከመንበራቸው ተነሥተው ታሰሩ። በሕይወት እያሉም ሌላ ፓትርያርክ ተሾመ። በ1971 ዓ.ም. ተገደሉ። የመካነ ኢየሱሱ ቄስ ጉዲና ቱምሳም በዚያው ዓመት ተገደሉ። የሁለቱም አስከሬን የተገኘው መንግሥት ከተለወጠ በኋላ በ1984 ዓ.ም. ነው። ቀዳማዊ ኃይለ ሥላሴም በነሐሴ 1967 ዓ.ም. ሞቱ ተብሎ ሲነገር ቀብር አልነበራቸውም። ዐፅማቸው በ1984 ዓ.ም. ከቤተ መንግሥቱ ግቢ ተቆፍሮ ወጣ፣ በበዓታ ቆየ፣ ጥቅምት 26 ቀን 1993 ዓ.ም. በቅድስት ሥላሴ ካቴድራል ተቀበረ። ንጉሡን የሚወድም የሚጠላም አለ፤ የኛ ነገር እሱ አይደለም። ሃያ አምስት ዓመት ያለ ቀብር መቆየት ለማንም አይገባም ነው የምንለው።

አንድ ነገር ግን ሳንሸሽግ እንናገር። ሃይማኖተኞች ነን የምንለውም ሐዘንተኛን የምንጎዳበት ጊዜ አለ። «የእግዜር ሥራ ነው፣ አታልቅሺ፣ ማልቀስ ማማረር ነው» እንላለን። ከዓመት በኋላ ያልተሻላትን «እምነት ጎደላት» ወይም «አድሮባታል» እንላለን። ጸበል መልካም ነው፣ እኛም እንጠመቃለን። ነገር ግን ፈለገ ሕይወት ሆስፒታል የአእምሮ ሕክምና አለ። ሁለቱን አንዱ ለአንዱ ጠላት ማድረግ ከየት መጣ? በ1999 ዓ.ም. አቡነ ጳውሎስ ስለ ኤች አይ ቪ ሲናገሩ ጸበሉም መድኃኒቱም አብረው ይወሰዱ ብለዋል። ለደም የተፈቀደ ለጭንቅላት የሚከለከልበት ምክንያት አይታየንም።

እንግዲህ ወደ ጥያቄያችን። ከ2013 እስከ 2015 ዓ.ም. በሰሜኑ ጦርነት፣ ከዚያም በክልላችን በተነሣው ግጭት፣ ከመካከላችን ልጆቻቸው ሄደው የቀሩባቸው አሉ። ስማቸውን አንጠራም፣ እዚሁ ተቀምጠዋል። ለአንዳንዱ መርዶ በቃል መጣ፣ ለአንዳንዱ ምንም አልመጣም። የእድራችን መተዳደሪያ ደንብ ደግሞ ገንዘብ የሚከፈለው፣ ድንኳን የሚተከለው «ቀብር ሲፈጸም» ነው ይላል። ገንዘብ ያዡ ደንቡን ቢያከብር አይፈረድበትም። ደንቡን ያወጣነው ሰው አልጋው ላይ በሚሞትበት ጊዜ ነበር።

ስለዚህ «ቀብር ሲፈጸም» ከሚለው ቀጥሎ «ወይም መርዶ ሲነገር» የሚል ቃል እንዲገባ እንጠይቃለን። ልጁ ሳይሞት ሞተ ተብሎ ቢከፈልስ የሚል አለ። ልጁ በእግሩ ከመጣ ገንዘቡን አንጠይቅም፤ የደስ ደስ ብለን እኛው በግ እንገዛለን። መርዶ ያልመጣላቸውንስ? እርም አውጡ ብለን ማስገደድ የለብንም፣ ተስፋቸው የራሳቸው ነው። ለነሱ የምንጠይቀው ሴቶቹ በወር አንድ ቀን ቡና ይዘው ቤታቸው እንዲሄዱ፣ ወንዶቹም በየተራ እንዲጠይቁ ብቻ ነው። ቄሱም ሼኩም አብረው ቢመጡ ደስ ይለናል።

ድምፁ እጅ በማውጣት ይሁን ወይስ በወረቀት፣ ዳኛው ይወስኑልን።