ከሜዳሊያው በፊት ያለው ወጪ

(በማኅበራችን ዓመታዊ ጠቅላላ ጉባኤ ላይ ከሂሳብ ክፍል የቀረበ ንግግር)



በየዓመቱ ይህ ሰዓት ሲደርስ ከሂሳብ ክፍል የሚጠበቀው ገቢ ይህን ያህል፣ ወጪ ይህን ያህል የሚል ሪፖርት ነው። ሪፖርቱ ታትሞ በእጃችሁ ስላለ ዛሬ አናነበውም። በተሰጠን ሰዓት የአንዲት ክብደት አንሺ ሴት ታሪክ እንነግራችኋለን። «እናንተን ከብረት ማንሳት ጋር ምን አገናኛችሁ?» የምትሉ አትጠፉም። ትንሽ ታገሡን፤ ነገሩ ዞሮ የራሳችን መዝገብ ውስጥ ይገባል።

ሴትዮዋ ሂዲሊን ዲያዝ ትባላለች፤ የፊሊፒንስ ሰው ናት። ከመካከላችን ቤይሩት፣ ጅዳና ዱባይ ሠርታችሁ የተመለሳችሁ ፊሊፒኖችን ከእኛ በተሻለ ታውቋቸዋላችሁ። በአንድ ፎቅ ላይ ጎን ለጎን ሠርታችኋል፤ ለቤተሰብ ገንዘብ ለመላክ አንድ ሰልፍ ላይ ቆማችኋል። ሂዲሊን የተወለደችው እ.ኤ.አ. በ1991 በደቡብ ፊሊፒንስ በሳምቦአንጋ ከተማ ነው። ለቤቱ ከስድስት ልጆች አምስተኛዋ ናት። አባቷ ባለ ሦስት እግር ሞተር እየነዱ ሰው ያመላልሱ ነበር፤ የእኛን የባጃጅ ሥራ ማለት ነው። በቤታቸው የቧንቧ ውኃ ስላልነበረ ልጅቱ ከሩቅ እየቀዳች ትሸከም ነበር። ዓሣና አትክልትም ሸጣለች። ይህን ለእናንተ ማብራራት አያስፈልገንም፤ ጀሪካን ያልተሸከመ ጀርባ በዚህ አዳራሽ ውስጥ ስንት ይገኛል?

በልጅነቷ ባንክ ገብታ ገንዘብ የመቁጠር ምኞት ነበራት። ይህን ስናነብ ሳቅን፤ ሙያችን አንዲት ጎበዝ ሠራተኛ አምልጣዋለች።

ብረት ማንሳት ያስጀመራት የአጎቷ ልጅ ነው። የመጀመሪያ ክብደቶቿም ከሱቅ የተገዙ ሳይሆኑ በቤት ውስጥ ከሲሚንቶ የተሠሩ ነበሩ። ሴቶች በኦሊምፒክ ክብደት ማንሳት የተፈቀደላቸው እ.ኤ.አ. በ2000 በሲድኒ ነው፤ ወንዶቹ ከ1896 ጀምረው ሲያነሱ ኖረዋል። ያኔ ሂዲሊን የዘጠኝ ዓመት ልጅ ነበረች። በሩ የተከፈተው እሷ ልትደርስበት ጥቂት ሲቀራት ነው ማለት ይቻላል።

የውድድሩን ሕግ በአጭሩ እንንገራችሁ፤ ኋላ ይጠቅመናል። ተወዳዳሪዋ በሁለት ዓይነት መንገድ ታነሳለች። በመጀመሪያው ብረቱን ከመሬት አንስታ በአንድ ጊዜ ከአናቷ በላይ ታደርሰዋለች። በሁለተኛው በቅድሚያ ደረቷ ላይ ታሳርፈውና ከዚያ ወደ ላይ ትገፋዋለች። ለእያንዳንዱ ሦስት ሦስት ሙከራ አላት። ከሁለቱም የተሳካው ትልቁ ቁጥር ተደምሮ ውጤቷ ይሆናል። በአንደኛው መንገድ ሦስቱም ሙከራ ካልተሳካ ግን ድምር የሚባል ነገር የለም። በሌላኛው ያነሳችው ምንም ያህል ቢሆን ከድምር ሰሌዳው ላይ ስሟ ባዶ ሆኖ ይቀራል።

ሂዲሊን እ.ኤ.አ. በ2008 በ17 ዓመቷ ቤጂንግ ሄዳ ከመጨረሻዎቹ ተርታ ሆነች። ልጅ ናት ተባለ። በ2012 ለንደን ላይ የአገሯን ባንዲራ ይዛ ስታዲየም የገባችው እሷ ነበረች። ውድድሯ ሲደርስ የመጀመሪያውን አነሳች፤ በሁለተኛው መንገድ ሦስቱም ሙከራ ከሸፈባት። ድምር የላትም። ባንዲራ ይዛ ገብታ በባዶ መዝገብ ወጣች።

እኅቶቻችን፣ እዚህ ላይ ቆም እንበል።

ከሁለት ዓመት በፊት አንዲት አባላችን እንጀራ ጋግራ ለመሸጥ ከተዘዋዋሪው ገንዘብ ተበደረች። ስሟን አንጠራም፤ ዛሬም እዚህ የለችም። ከአሥራ ሁለቱ ወርኃዊ ክፍያ ሰባቱን በቀኑ፣ አንዳንዴም ከቀኑ ቀድማ ከፈለች። ከዚያ የጤፍ ዋጋ ናረ፤ የኤሌክትሪክ ምጣዷ ተቃጠለ፤ ክፍያው ቆመ። ምጣዱን ለማሠራት ትንሽ ብድር ብትጠይቅ «መጀመሪያ የቀረብሽን አጠናቂ» አልናት። «አልናት» ስንል ሌላ ሰው አይደለም፤ እኛው ከዚህ መድረክ ላይ ያለነው ነን። በመዝገባችን ላይ ያለው ሠንጠረዥ ሁለት ዓምድ ብቻ ነው፤ «የመለሰች» እና «ያልመለሰች»። ሰባቱን ወር የምንጽፍበት ቦታ አልነበረንም። ከዚያ ወዲህ ስብሰባ አልመጣችም፤ ቁጠባዋንም አቆመች።

ወደ ሂዲሊን እንመለስ። ከለንደን በኋላ መዝገቧን የዘጋባት ሰው ቢኖር ኖሮ ታሪኩ እዚያው ባለቀ ነበር። በፊሊፒንስ አየር ኃይል ተቀጥራ ደመወዝ አገኘች። በፊት ከ58 ኪሎ ክፍል ትወዳደር የነበረችው ዝቅ ብላ በ53 ኪሎ ክፍል መወዳደር ጀመረች። አራት ዓመት ሠራች። በ2016 በሪዮ ኦሊምፒክ በድምሩ 200 ኪሎ አንስታ ብር ሜዳሊያ አገኘች፤ ለአገሯ ከ20 ዓመት በኋላ የመጣ የመጀመሪያው የኦሊምፒክ ሜዳሊያ፣ ለፊሊፒንስ ሴቶችም ከነጭራሹ የመጀመሪያው። ከሷ ቀጥላ ነሐስ ያገኘችው የደቡብ ኮሪያ ተወዳዳሪ 199 ነበር ያነሳችው። ብሩ የሂዲሊን የሆነው ደግሞ በመጀመሪያው መንገድ ሁሉንም በልጣ የነበረችው የቻይና ተወዳዳሪ በሁለተኛው ሦስቱም ሙከራ ስለከሸፈባት ነው። ልክ በለንደን በሂዲሊን ላይ የደረሰው! ዘንድሮ የወደቀች ሰነፍ ናት ብሎ መደምደም እንዴት እንደሚያሳፍር ተመልከቱ።

አሁን የእኛ ሙያ ወደሆነው ወደ ገንዘቡ እንምጣ። በፊሊፒንስ ሕግ መሠረት በኦሊምፒክ ብር ያገኘ 5 ሚሊዮን ፔሶ፣ ወርቅ ያገኘ 10 ሚሊዮን ፔሶ ከመንግሥት ይሸለማል። ጥሩ ሕግ ነው፤ አንነቅፈውም። ነገር ግን ይህ ገንዘብ የሚወጣው ካሸነፉ በኋላ ነው። አሠልጣኝ፣ የምግብ ባለሙያ፣ የሥነ ልቦና ባለሙያ፣ የአውሮፕላን ቲኬት፣ የቪዛ ክፍያና የመድኃኒት ወጪ ግን ከማሸነፍ በፊት ይመጣሉ። መድረክ ላይ አንዲት ሴትና አንድ ብረት ነው የምናየው፤ የወጪው ሰነድ ቢገለጥ ግን የብዙ ሰው ደመወዝ አለበት።

በ2018 ጃካርታ ላይ የእስያ ጨዋታዎችን ወርቅ ወሰደች። እንዲያም ሆኖ በ2019፣ የኦሊምፒክ ብርና የእስያ ወርቅ ይዛ፣ ለቶኪዮ ዝግጅት ገንዘብ እንደቸገራትና የግል ድርጅቶችን እርዳታ ብትጠይቅ ነውር ይሆን እንደሆነ በአደባባይ ጻፈች። የመንግሥት የስፖርት መሥሪያ ቤት በበኩሉ ድጋፍ እየሰጠናት ነው አለ። ከሂሳብ ሠራተኛ ዓይን ሁለቱም እውነት ሊሆን ይችላል። የተሰጠው ገንዘብ በመዝገብ ላይ አለ፤ የሚያስፈልገው ገንዘብ ደግሞ ከዚያ ይበልጣል። በእኛም ዘንድ «ብድር ሰጥተናታል» እና «አልበቃኝም» የሚሉ ሁለት እውነቶች ስንት ጊዜ ተጋጭተዋል! እኛ ግን የከነከነን የመጠየቁ እፍረት ነው። በዓለም መድረክ ሜዳሊያ ያጠለቀች ሴት እጇን ለመዘርጋት እንዲህ ከተሸማቀቀች፣ ምጣዷ የተቃጠለባት እህታችን በራችንን ስታንኳኳ ምን ተሰምቷት ይሆን?

ከዚያ ኮቪድ መጣ። በ2020 መጀመሪያ ለልምምድ ወደ ማሌዥያ እንደሄደች እንቅስቃሴ ተዘጋና እዚያው ቀረች። ጂሞች ተዘጉ። ሂዲሊን በውኃ የተሞሉ ትልልቅ ጠርሙሶችን በእንጨት ዘንግ ጫፍና ጫፍ እያንጠለጠለች ልምምዷን ቀጠለች። ውኃ ስትሸከም ያደገች ልጅ፣ የኦሊምፒክ ሜዳሊያ ካገኘች በኋላም ውኃ ተሸከመች። ኋላ ማላካ በሚባለው ግዛት አንድ የማሌዥያ ክብደት ማንሳት ኃላፊ ቤት ተጠግታ፣ መኪና በሚቆምበት መጠለያ ሥር በዚያ ሙቀት ስትሠራ ከረመች። አብረዋት የነበሩት ቻይናዊው አሠልጣኝ ጋኦ ካይዌንና ኋላ ባሏ የሆነው አሠልጣኝ ጁሊየስ ናራንሆ ነበሩ።

የቶኪዮው ውድድር በአንድ ዓመት ተራዝሞ ሐምሌ 26 ቀን 2021 (በእነሱ አቆጣጠር) ደረሰ። ክፍሏ 55 ኪሎ ነበር። በመጀመሪያው መንገድ ሂዲሊንም፣ የቻይናዋ ሊያዎ ቺዩንም እኩል 97 ኪሎ አነሱ። በሁለተኛው ሊያዎ በመጨረሻ ሙከራዋ 126 አነሳች፤ ድምሯ 223 ሆነ። ለሂዲሊን አንድ ሙከራ ቀርቷታል። 127 አስጫነች። ወፍጮ ቤት የምትመላለሱ፣ አንድ ኩንታል ጤፍ ስንት ኪሎ እንደሆነ ታውቃላችሁ። እሱ ላይ 27 ኪሎ ጨምሩበት፤ ክብደቷ 55 ኪሎ የማይሞላ ሴት ያንን ከአናቷ በላይ አድርሳ ቀጥ ብላ ቆመች። ብረቱን ጥላ አለቀሰች።

ድምር 224፤ የኦሊምፒክ ክብረ ወሰን። ልዩነቱ አንድ ኪሎ ነው፤ ከሱቅ በፌስታል ይዘነው የምንገባውን ስኳር የሚያህል። ፊሊፒንስ በኦሊምፒክ መሳተፍ የጀመረችው በ1924 ነውና ለመጀመሪያው ወርቅ 97 ዓመት ጠብቃለች። መዝሙሩ ሲዘመር ሂዲሊን በአፍ መሸፈኛዋ ላይ እንባዋ እየወረደ ወታደራዊ ሰላምታ ሰጠች። እኛ ደራርቱ ባርሴሎና ላይ በ1992 ስታሸንፍ አብዛኞቻችን ልጆች ነበርን፤ ግን የዚያን ዕለት እናቶቻችን እንዴት እንደሆኑ እናስታውሳለን። የፊሊፒንስ እናቶችም እንዲያው ሆነው ይሆናል።

ከዚያ በኋላማ ሁሉም መጣ። የ10 ሚሊዮኑ ፔሶ ሽልማት፣ ከባለሀብቶች ተጨማሪ ገንዘብ፣ ቤት፣ ኮንዶሚኒየም፣ የነጻ አውሮፕላን ጉዞ። ባለፈው ዓመት ያልነበረው ሰው ሁሉ በሰልፍ ቆመ። አንቀናም፤ ይገባታል። ግን ከዚያ ሁሉ ውስጥ ጥቂቷ በ2019 ብትመጣ ምን ያህል ታቀልላት ነበር? ብለን እንጠይቃለን።

በ2022 ቦጎታ ላይ የዓለም ሻምፒዮናንም ጠቀለለች። ለፓሪስ ኦሊምፒክ ግን አልደረሰችም። የ55 ኪሎ ክፍል ከኦሊምፒክ ስለተሰረዘ ወደ 59 ወጣች፤ ከየአገሩ በየክፍሉ አንድ ሰው ብቻ ስለሚገባ ቦታውን የአገሯ ልጅ ኤልሪን አንዶ ወሰደችው። ሂዲሊን አሁን ወጣቶች የሚሠለጥኑበት ቦታ ከፍታለች። ያ ቦታ በሲሚንቶ ብረት ለሚጀምሩ ልጆች የሚሆን ይመስለናል።

አሁን እውነቱን እንነጋገር፤ ደጋፊዎቻችንም ስላላችሁ ይበልጥ ደስ ይለናል። በየሪፖርታችን «የብድር አመላለስ» የሚል ቁጥር አለ። ቁጥሩ ያማረ ነው። ያማረው ግን በከፊል ሊወድቁ የሚችሉትን ገና ከበር ስለምንመልስ ነው። ያደገ ሱቅ ላላት ሁለተኛና ሦስተኛ ብድር እንሰጣለን፤ ምክንያቱም ትመልሳለች። እኛ የሂሳብ ክፍል ሰዎች ይህን ቁጥር ስናሳምር የማኅበሩን ስም የጠበቅን መስሎን ነበር። የተቋቋምነው ግን ባንክ ለማያበድራት ሴት ነው፤ ባንክ ለሚያበድራትማ ባንክ አለ።

ገንዘብ ያዣችን የሚያነሱትን ስጋት እናውቃለን፤ ትክክልም ነው። ያልከፈለች ሴት ዳግም ስትበደር ያየች ሌላዋ እኔስ ለምን እከፍላለሁ ብትል ተዘዋዋሪው ገንዘብ መዘዋወሩን ያቆማል። ገንዘቡ የሁላችንም ነው፤ የሽንኩርት ነጋዴዋም ላብ አለበት። ስለዚህ ዕዳ ይሰረዝ አላልንም። በክብደት ማንሳት ሕግ ብረቱ ላይ አንዴ የተጫነ ክብደት አይቀነስም። እኛ ግን ውድድር ላይ አይደለንም፤ መቀነስ እንችላለን። የቀረውን ዕዳ ወደ ረዘመ ጊዜ በትኖ፣ ምጣድ የምታሠራበትን ያህል ብቻ ትንሽ ገንዘብ ጨምሮ፣ በሁለት አባላት ዋስትና መስጠት ይቻላል። ለዚህ ከተዘዋዋሪው ገንዘብ ላይ ምን ያህል እንደሚለይ ጉባኤው ይወስን። እናንተም ደጋፊዎቻችን፣ የአመላለስ ቁጥራችን በሚመጣው ዓመት ትንሽ ዝቅ ብሎ ብታዩት አትደንግጡ፤ ደውሉና ምክንያቱን ጠይቁን፤ መዝገቡን ከፍተን እናሳያችኋለን።

በእኛ በኩል አንዱን ጀምረናል። ከዚህ ወር አንስቶ የብድር መዝገቡ ሦስተኛ ዓምድ አለው። «እስካሁን የከፈለችው» ይላል። በዚያች እህታችን ስም አንጻር 7 ብለን ጽፈናል።

የብድር ኮሚቴው ሐሙስ ከሰዓት በኋላ ይሰበሰባል። ፋይሏን እኛ ይዘን እንገባለን። ከእናንተ መካከል ሰፈሯን የምታውቁ ሁለት ሴቶች ከስብሰባው በኋላ ቆዩልን፤ ቤቷ ድረስ አብረን እንሄዳለን፤ ዋስ የምትሆናትም ካለች መታወቂያዋን ይዛ ትምጣ።