ኤሊዎቻችንና ብርዱ
(በሰፈራችን ነዋሪዎች ስብሰባ ላይ የተደረገ ንግግር)



በግቢያችን ኤሊ የምናሳድግ ሰዎች አንድ ነገር ልናሳስብ ተነሥተናል። «ድንጋይ ለብሳ ምን ብርድ ይነካታል?» ሲባል እንሰማለን። ኤሊ ግን ሙቀት የምታገኘው ከውጭ ነው። የአውሮፓ ኤሊዎች ብርዱን ተኝተው ያሳልፉታል፤ የእኛዎቹ የቆላ ናቸው፣ ያ ልማድ የላቸውም።

በበጋ ቀን ፀሐዩ ይበቃል። የኅዳርና የታኅሣሥ ሌሊት ግን ያንዘፈዝፋልና ሲመሽ ወደ ጣውላ ሣጥኗ ትግባ። ክረምት ሲሆን ቀኑም ዳመና ነው፤ እንግዲህ አምፖሉ ከጧት እስከ ማታ ይብራ። በሣጥኑ አንድ ጫፍ ብቻ ይሰቀል፣ ከሥሩ 32 ዲግሪ ያህል ይሙቅ፤ ሌላው ጫፍ ቀዝቀዝ ይበል፣ ሲበዛባት የምትሸሽበት። ታዲያ ቆጣቢው አምፖል ለዚህ አይረባም፤ ብርሃን እንጂ ሙቀት የለውም። ክሩ የሚግለው የድሮው 60 ሻማ ነው የሚፈለገው። ጭዱን ከአምፖሉ አርቁ፣ ቤት እንዳይቃጠል! መብራት ሲጠፋ ሙቅ ውሃ በጠርሙስ ሞልቶ፣ በጨርቅ ጠቅልሎ ማስጠጋት ነው።

አፍንጫዋ ከረጠበ ወይም አፏን ከፍታ ከተነፈሰች ሳንባዋ ታሞ ይሆናል፤ በዚያው ቀን ወደ እንስሳት ሐኪም ውሰዷት። ቴርሞሜትር የሌላችሁ ከማኅበሩ ጽሕፈት ቤት ፈርማችሁ ተዋሱ።