የ30 ዓመት ዕዳ፤ ስለ ቤት ብድር እውነተኛ ዋጋ የተነገረ ዲስኩር



በዋሽንግተን ከተማና በዙሪያዋ ባሉት በሜሪላንድና በቨርጂኒያ ግዛቶች ከሚኖረው ወገናችን መካከል አንዱ ቤት በገዛ ጊዜ፣ ካህኑ ጸበል ረጭተው፣ ዳቦው ተቈርሶ፣ ቡናው ከበረካው ሲደርስ፣ እንግዶቹ ለባለቤቱ የሚያቀርቡለት ጥያቄ ዘወትር ሁለት ነው፤ በስንት ገዛኸው፣ በወርስ ስንት ትከፍላለህ የሚል። መልሱ ተሰምቶ፣ በየልቡ ከሰውዬው ደመወዝ ጋር ተመዛዝኖ፣ «እግዚአብሔር ይባርክልህ» ተብሎ ነገሩ ይዘጋል። ሦስተኛው ጥያቄ ግን፣ ማለት ዕዳው ተከፍሎ የባንኩ እጅ ከቤቱ ላይ እስኪነሣ ድረስ ከዚህ ሰው ኪስ በጠቅላላው ስንት ይወጣል የሚለው፣ በእንግዳው ዘንድ እንደ ድፍረት፣ በባለቤቱ ዘንድ እንደ ሟርት ስለሚቈጠር ሳይነሣ ይቀራል። የዛሬው ዲስኩሬ በሞላው ስለዚህ ስላልተነሣው ጥያቄ ነው።

ንግግራችን ረቂቅ ብቻ ሆኖ እንዳይቀር አንድ ምሳሌ እንያዝ። አንድ ሰው 400 ሺህ ዶላር ከባንክ ተበድሮ፣ ወለዱ በዓመት 6.5 በመቶ ሆኖ ሳይለዋወጥ፣ ዕዳውን በ30 ዓመት ሊከፍል ተዋዋለ እንበል። ወርኃዊ ክፍያው 2,528 ዶላር ከጥቂት ሳንቲም ይሆናል። ይህን በ360 ወር ብናባዛው 910 ሺህ ዶላር ያህል እናገኛለን፤ ከዚህም ውስጥ 400 ሺው የተበደረው ዋና ገንዘብ ሲሆን፣ 510 ሺው ወለድ ነው። ስለዚህ ይህ ሰው አንድ ቤት ለመግዛት አስቦ የገባ ቢሆንም፣ በሒሳብ ዓይን ሲታይ አንድ ቤትና ከቤቱ የሚበልጥ ዋጋ ያለው ዘመን ገዝቷል ማለት ነው።

ይህ ነገር የጥንት ሕግ አውጪዎችን ኅሊና ሳይነካ አልቀረም። በስድስተኛው መቶ ክፍለ ዘመን በቁስጥንጥንያ የነገሠው ዮስጢንያኖስ፣ እንደ አውሮፓውያን አቈጣጠር በ528 ዓ.ም. ተራው አበዳሪ የሚቀበለው ወለድ በዓመት ከመቶ ስድስት እንዳያልፍ ከወሰነ በኋላ፣ በዚህ ሳይበቃው፣ አበዳሪው በየጊዜው የተቀበለው ገንዘብ ተደምሮ የዋናውን እጥፍ ከደረሰ ዕዳው እንደ ተከፈለ እንዲቈጠር ደንግጎ ነበር። በዚያ ንጉሥ ዳኝነት ቢሆን ኖሮ የኛ ባለዕዳ በ27ኛው ዓመት፣ የከፈለው 800 ሺህ ሲሞላ፣ ነጻ ወጥቶ በሄደ ነበር። አባቶቻችን ሲዳኙበት የኖሩት ፍትሐ ነገሥትም ወለድን በበጎ ዓይን የሚያይ መጽሐፍ አይደለም። ይህን የማነሣው ግን የዛሬውን ባንክ በጥንት ቀኖና ለመኰነን አይደለም፤ ገንዘቡን ለ30 ዓመት ከእጁ የሚያወጣ አበዳሪ ዋጋ መጠየቁ ከፍትሕ የራቀ ሆኖ አይታየኝም። የጥንቱ ሕግ አውጪ ተደምሮ ያየውን ነገር የዛሬው ተበዳሪ በወር በወር ተቈራርሶ ስለሚያየው፣ ብዛቱ ከዓይኑ ይሰወርበታል ለማለት ብቻ ነው።

የመሰወሩም ምሥጢር በአከፋፈሉ ሥርዓት ውስጥ ነው። ክፍያው ከመጀመሪያው ወር እስከ መጨረሻው አንድ ዓይነት ስለ ሆነ፣ ሰው ሁሉ ዕዳውም እንዲሁ በእኩል እርምጃ የሚቀንስ ይመስለዋል፤ ነገሩ ግን እንዲህ አይደለም። ባንኩ በየወሩ አስቀድሞ የሚያነሣው ባልተከፈለው ዋና ገንዘብ ላይ የተቈጠረውን ወለድ ነው፤ ዕዳውን የሚቀንሰው ከዚያ የተረፈው ብቻ ነው። በምሳሌያችን ከመጀመሪያው ወር 2,528 ዶላር ውስጥ 2,166ቱ ወለድ ሆኖ ሲሄድ፣ ከቤቱ ዕዳ ላይ የሚቀነሰው 361 ዶላር ከጥቂት ሳንቲም ነው። አምስት ዓመት ሙሉ አንድም ቀን ሳያሳልፍ ከ151 ሺህ ዶላር በላይ የከፈለ ሰው፣ ዕዳዬ ስንት ቀረ ብሎ ቢጠይቅ፣ 374 ሺህ የሚል መልስ ያገኛል፤ ከዋናው የቀነሰው 26 ሺህ እንኳ አልሞላም። ለዋናው የሚውለው ገንዘብ ለወለድ ከሚውለው የሚበልጥበት ወር የሚመጣው 20ኛው ዓመት ከገባ በኋላ ነው፤ ዕዳው በግማሽ የሚጐድለው ደግሞ 21 ዓመት ከአራት ወር ካለፈ በኋላ። በውል የገባ ወጣት በዚያን ጊዜ ጠጕሩ ሸብቷል።

በአገራችን በጥንት ዘመን ወለድ አግድ የሚባል ውል ነበር፤ ባለርስቱ ገንዘብ ተበድሮ መሬቱን ለአበዳሪው ይለቃል፣ አበዳሪውም በወለድ ፈንታ የመሬቱን ፍሬ ይበላል፣ ዋናው ገንዘብ ግን እስኪመለስ ድረስ አንዲት ጠገራ ሳይጐድል እንደ ቆመ ይኖራል። የአሜሪካው ብድር በሕግ ከዚህ የተለየ ቢሆንም፣ የመጀመሪያዎቹ ዓመታት ጠባይ ወደዚያው ይጠጋል። ይህም ማለት፣ በእነዚህ ዓመታት ውስጥ ቤቱን ሸጦ የሚሄድ ሰው ብዙ ከፍሎ ጥቂት ያከማቸ ነው፤ የቤቱ ዋጋ በገበያ ካልጨመረለት፣ የደላላውና የሽያጩ ወጪ ሲቀነስ፣ ባዶ እጁን ሊቀር ይችላል። ስለዚህ የብድር እውነተኛ ዋጋ በወለዱ ልክ ብቻ ሳይሆን፣ ሰውዬው በዚያ ቤት ስንት ዓመት ይቀመጣል በሚለውም ይወሰናል።

የ30 ዓመቱ ብድር ከጥንት የነበረ ሥርዓት አይደለም። እንደ አውሮፓውያን አቈጣጠር ከ1930ዎቹ በፊት በአሜሪካ ቤት የሚገዛ ሰው የዋጋውን ግማሽ ያህል ከራሱ አውጥቶ፣ የቀረውን ለጥቂት ዓመታት ተበድሮ፣ በብዙው ወለዱን ብቻ እየከፈለ ቆይቶ፣ በውሉ መጨረሻ ዋናውን በአንድ ጊዜ እንዲመልስ ይጠበቅበት ነበር። ታላቁ የኢኮኖሚ ድቀት በመጣ ጊዜ ባንኮች ውል ማደስ አቁመው ሕዝቡ ከቤቱ ሲፈናቀል፣ መንግሥት በ1933 የተበላሹትን ብድሮች የሚረከብ ድርጅት አቋቋመ፤ በ1934ም የፌዴራል ቤቶች አስተዳደር ተመሠርቶ፣ ዋናውም ወለዱም በእኩል ወርኃዊ ክፍያ እየተከፈለ ለሚያልቅ ብድር ዋስ ሆነ። የጊዜው ወሰን መጀመሪያ 20 ዓመት ነበረ፤ ኋላ 25 ሆነ፤ ከሁለተኛው የዓለም ጦርነት በኋላ 30 ደረሰ። ጊዜው በተራዘመ ቍጥር ወርኃዊው ክፍያ እየቀለለ ሄዶ፣ ቀድሞ ቤት ለመግዛት የማይደፍር ሠራተኛ ባለቤት ሆነ፤ ይህ ትልቅ ነገር ነው፣ እኔም አላቃልለውም። ያንኑ የምሳሌያችንን ብድር፣ ወለዱን ሳንለውጥ፣ በ15 ዓመት እንክፈለው ብንል ክፍያው በወር 3,484 ዶላር ይሆናል፤ ጠቅላላው ወለድ ግን ከ510 ሺህ ወደ 227 ሺህ ይወርዳል። በወር የ956 ዶላር እፎይታ የ283 ሺህ ዶላር ዋጋ አለው ማለት ነው። እፎይታው ለማን የግድ፣ ለማን የምቾት እንደ ሆነ እያንዳንዱ የራሱን ደመወዝ አይቶ ይፍረድ።

ከሁሉ ይልቅ ግን ወገኖቻችን የሚሰናከሉበት ዐቢይ ጉዳይ ሪፋይናንስ የሚሉት ብድሩን የማደስ ነገር ነው። የወለድ ልክ በዚህ አገር እንደ ባሕር ይነሣል ይወድቃል፤ እንደ አውሮፓውያን አቈጣጠር በጥቅምት 1981 ከ18 በመቶ በላይ ደርሶ የነበረው የ30 ዓመት ብድር ወለድ፣ በጥር 2021 ወደ 2.65 በመቶ ወርዶ፣ በጥቅምት 2023 እንደ ገና ወደ 7.8 በመቶ ግድም ወጥቷል። ወለዱ ሲወርድ ስልክ የሚደውለው ሰው ብዙ ነው። የኛ ባለዕዳ ሰባት ዓመት ከከፈለ በኋላ፣ 361,665 ዶላር ሲቀረው፣ ወለዱ 5.5 በመቶ ሆኖልሃልና አድስ ተባለ እንበል። ቢያድስ ወርኃዊ ክፍያው ወደ 2,053 ዶላር ይወርድለታል፤ በወር 475 ዶላር ተረፈኝ ብሎም ይደሰታል። ነገር ግን የታደሰው ብድር ሌላ 30 ዓመት ነው። በአሮጌው ውል ቢቀጥል በቀሩት 23 ዓመታት የሚከፍለው 697 ሺህ ዶላር ከምናምን ነበር፤ በአዲሱ ውል ግን 739 ሺህ ይከፍላል፤ ለውሉ ማደሻ የሚወጣው ገንዘብ ገና ሳይቈጠር ነው። ወለዱ በአንድ መቶኛ ወርዶለት ሳለ ከ41 ሺህ ዶላር በላይ የሚጨምርበት፣ ሰባቱን አስቸጋሪ ዓመታት ተወጥቶ ካበቃ በኋላ ተመልሶ ከግርጌው ስለ ቆመ ነው። ይኸው ሰው አዲሱን ወለድ ተቀብሎ የቀድሞውን 2,528 ዶላር መክፈሉን ባይተው ኖሮ ግን፣ በ20 ዓመት ገደማ ዕዳውን ጨርሶ፣ ከ100 ሺህ ዶላር የሚበልጥ ባዳነ ነበር። ማደሱ ራሱ ክፉ አይደለም፤ የሚጐዳው የዘመኑ መታደስ ነው።

የቀሩትን ወጪዎች በአጭሩ ልለፋቸው። የንብረት ግብርና የቤት ኢንሹራንስ ከወርኃዊው ክፍያ ጋር ተደርበው በባንኩ በኩል ስለሚከፈሉ፣ ወለዱ ቋሚ ቢሆንም ክፍያው በየዓመቱ ከፍ ሊል ይችላል፤ ዕዳው ካለቀም በኋላ እነዚህ አያልቁም። ከዋጋው 20 በመቶ ያላነሰ ቅድሚያ መክፈል ያልቻለ ሰው፣ እርሱ ባይከፍል ባንኩ እንዳይጐዳ ሲባል የሌላ ኢንሹራንስ ዋጋ ይከፍላል፤ በ1998 የወጣው ሕግ ዕዳው ከቤቱ የመጀመሪያ ዋጋ 80 በመቶ ሲደርስ ይቅርልኝ ብሎ የመጠየቅ መብት፣ 78 በመቶ ሲደርስም ሳይጠይቅ እንዲቀርለት ሰጥቶታል። በፌዴራል ቤቶች አስተዳደር ዋስትና የሚበደሩት ግን በዚህ ሕግ አይጠቀሙም፤ በመግቢያው ከብድሩ 1.75 በመቶ ይከፍላሉ፣ ቅድሚያ ክፍያቸው ከ10 በመቶ ካነሰም ዓመታዊው የኢንሹራንስ ዋጋ እስከ ብድሩ ፍጻሜ ይከተላቸዋል። ከዕቁብ በደረሰው ገንዘብ ቅድሚያውን የሚከፍለው ወገናችን በብዙው በዚህ በር የሚገባ ስለ ሆነ ይህን አስቀድሞ ማወቅ ይገባዋል። «ወለዱ ከግብር ይቀነስልሃል» የሚለው የደላሎች ማጽናኛም፣ ከ2017ቱ የግብር ሕግ ወዲህ ለአብዛኛው ሰው ፍሬ የለውም።

እዚህ ላይ አንድ አስተዋይ ተነሥቶ ሊሞግተኝ ይችላል፤ የ30 ዓመት ዶላሮችን ሁሉ እኩል አድርጎ መደመር ራሱ ስሕተት አይደለምን፣ የዛሬ ዶላርና የዛሬ 30 ዓመት ዶላር አንድ ነውን፣ ይለኛል። ሙግቱ ትክክል ነው። የኑሮ ውድነት በዓመት 3 በመቶ ቢሆን፣ ከ30 ዓመት በኋላ የሚከፈለው አንድ ዶላር በዛሬው ዐቅም ሲመዘን 41 ሳንቲም ያህል ብቻ ነው። የዋናውና የወለዱ ክፍያ ቋሚ ስለ ሆነ ደመወዝ ሲያድግ ሸክሙ ይቀላል፤ የተከራይ ኪራይ ግን በየዓመቱ ይወጣል። በ1960ዎቹ በዝቅተኛ ቋሚ ወለድ የተበደሩ አሜሪካውያን በ1970ዎቹ የዋጋ ንረት ተጠቃሚዎች ሆነዋል፤ የተጐዱት አበዳሪዎች ነበሩ። እንግዲህ 910 ሺህ የሚለው ቍጥር ለማስፈራሪያ መያዝ የለበትም። ለመነጻጸሪያ ግን እርሱን የሚተካ የለም፤ ሁለት ባንኮች፣ ሁለት ዘመኖች፣ ሁለት ውሎች የሚመዘኑት ተደምረው ሲታዩ እንጂ በወር ክፍያቸው አይደለምና።

ዘመኑን ለማሳጠርም የ15 ዓመት ውል መግባት የግድ አይደለም። የ30 ዓመቱን ውል ይዞ፣ ሲቻል በየወሩ 200 ዶላር ለዋናው ብሎ መጨመር፣ በምሳሌያችን ዕዳውን ከአምስት ዓመት ተኩል በፊት ጨርሶ ከ110 ሺህ ዶላር በላይ ወለድ ያድናል፤ ሥራ የታጣ ወር ሲመጣ ጭማሪውን ማቆም ይቻላል፣ የ15 ዓመቱ ውል ግን ይህን ምሕረት አያውቅም። በአብዛኛው የቤት ብድር ላይ አስቀድሞ መክፈል ቅጣት የለበትም። ብቻ ጭማሪው ለዋናው እንዲውል በግልጥ ታዝዞ፣ በሚቀጥለው ወር ሒሳብ ላይ መቀነሱ መታየት አለበት።

ያ ሦስተኛ ጥያቄ መልሱ በምሥጢር የተያዘ አይደለም፤ በ1968 ከወጣው ሕግ ጀምሮ አበዳሪ የብድሩን ዋጋ ለተበዳሪው በጽሑፍ እንዲገልጥ ይገደዳል። ዛሬ ማመልከቻ ያስገባ ሰው ሎን ኤስቲሜት የሚባል ወረቀት ይደርሰዋል፤ በሦስተኛው ገጹ በአምስት ዓመት ውስጥ በጠቅላላው ምን ያህል እንደሚከፍል፣ ከዋናውም ምን ያህል እንደሚቀንስ ጎን ለጎን ተጽፏል። ከፊርማው ቢያንስ ሦስት የሥራ ቀን ቀደም ብሎ ደግሞ ክሎዚንግ ዲስክሎዠር የሚባለው ይሰጠዋል። አንባቢው በመጀመሪያው ገጽ ካለው የወር ክፍያ አልፎ ወደ አምስተኛው ይግለጥ፤ በዚያ የክፍያው ሁሉ ድምር አለ፣ የወለዱም ድምር ከተበደረው ገንዘብ በመቶ ስንት እጅ እንደሚሆን በአንድ ቍጥር ተጽፏል፤ በዛሬው ምሳሌያችን ይህ ቍጥር 127.5 በመቶ ሆኖ ይነበባል።