ዋግሹም ጎበዜ፦ የአገራችን ሰው፣ የሦስት ዓመት ንጉሥ
(በሰፈራችን ማኅበር ስብሰባ ላይ የተደረገ ንግግር)



ባለፈው ስብሰባ «ከዛጔ ነገሥታት በኋላ ከወዲህ አገር የነገሠ አለ ወይ?» የሚል ጥያቄ ተነሥቶ ነበር። አዎን፣ አለ። ዋግሹም ጎበዜ ናቸው።

ዋግሹሞቹ የዘር ሐረጋቸውን ከዛጔ ይቆጥራሉ። የጎበዜን አባት ዋግሹም ገብረ መድኅንን አፄ ቴዎድሮስ በስቅላት ቀጡ። ልጅየውም ኋላ ሸፈቱና ዋግንና ላስታን ያዙ።

በ1860 ዓ.ም. የንግሥት ቪክቶሪያ ጦር በጄኔራል ናፒየር ተመርቶ ወደ መቅደላ ሲሄድ፣ በአሸንጌ አድርጎ፣ በኛው ደጋ ተከዜን ተሻግሮ ነው ያለፈው። ጎበዜ አልተዋጉትም፤ አሳለፉት። የአባት ደም ያለበት ሰው ምን ያድርግ? ቴዎድሮስ በሚያዝያ ሞቱ። ጎበዜም ዓመቱ ሳይወጣ «ዳግማዊ አፄ ተክለ ጊዮርጊስ» ተብለው ነገሡ።

እንግዲህ ልንነግራችሁ የፈለግነው ይኸን ነው። ጎንደር በ1859 ዓ.ም. ተዘርፋና ተቃጥላ ነበር። አዲሱ ንጉሥ ሀብታቸውን አውጥተው አብያተ ክርስቲያናቱን ማሳደስ ያዙ፤ ለአክሱምም ሰጡ። ደግነት ነው፣ አንክድም። ግን ፖለቲካም አለበት። ጳጳሱ አቡነ ሰላማ መቅደላ ታስረው ሳሉ አርፈዋል፤ ቀብቶ የሚያነግሥ ጳጳስ የለም። ጳጳስ የሌለው ንጉሥ የካህናቱን ልብ ካላገኘ በምን ይጸናል?

የትግራዩ ደጃዝማች ካሣ ምርጫ ደግሞ በሌላ መንገድ ሄዱ። እንግሊዞች ሲመለሱ ስለ ውለታቸው 12 መድፍና ከ800 የማያንስ ጠመንጃ ተዉላቸው። ጆን ኪርካም የሚባል እንግሊዛዊ ወታደሮቻቸውን አሠለጠነ። በ1861 ዓ.ም. አቡነ አትናቴዎስን ከግብፅ አስመጡ። ጳጳሱም መድፉም ወደ አንድ ወገን ሄደ ማለት ነው! የኛው ሰው እጅ ወርቅና ብር እንጂ ባሩድ ላይ አልፈጠነም።

በሐምሌ 1863 ዓ.ም. ዐድዋ አጠገብ ገጠሙ። የጎበዜ ሠራዊት በቁጥር እጅግ ይበልጥ ነበር፤ ከመድፉ ፊት ግን ምን ይዋጣው? ንጉሡ ተማረኩ። ዓይናቸው እንዲጠፋ ተደረገ፤ በእስር ሳሉም አረፉ። የሚያሳዝነው፣ ባለቤታቸው ወይዘሮ ድንቅነሽ የካሣ እኅት ነበሩ። አማቾች ናቸው እንግዲህ። ካሣ በጥር 1864 ዓ.ም. አክሱም ላይ «አፄ ዮሐንስ» ተብለው ነገሡ።

ስለ ዋግሹም ጎበዜ ከአያት ከቅድመ አያት የሰማችሁ ካላችሁ፣ ስማቸውን በክፉም ሆነ በደግ ሲነሣ የሰማችሁም ብትሆኑ፣ ለማኅበሩ ጸሐፊ ንገሩልን። ሽማግሌዎቻችን ሳያልፉ በመዝገብ እናሰፍረዋለን።