በጭብጨባ አይጽደቅ

(ኢንጅባራ ላይ በተካሄደው የምሩቃን መገናኛ ጉባኤ የቀረበ ንግግር)



አዘጋጆቹ "ስለ ሕዝበኝነትና ስለ ዴሞክራሲ ተናገሪ" ሲሉኝ "ይህ የፖለቲካ ሳይንስ ክፍል ሥራ አይደለም ወይ?" ብዬ ነበር። እነሱም "እነሱንማ ዓመቱን ሙሉ እንሰማቸዋለን፤ አንቺ እንደ ሐኪም ንገሪን" አሉኝ። እንግዲህ እንደ ሐኪም ነው የምናገረው፤ የዘርፉ ባለቤቶች የጎደለውን ትሞላላችሁ።

መጀመሪያ ከቃሉ እንነሳ። ፖፑሊዝምን በአማርኛ "ሕዝበኝነት" ማለት ጀምረናል። በየመድረኩ ግን ቃሉ ስድብ ሆኗል፤ ያልወደድነውን ሰው "ፖፑሊስት" ብለን እንገላገላለን። ምሁራኑ የሚሉት ከዚህ ጠበብ ያለ ነው። ሆላንዳዊው ካስ ሙዴ እ.ኤ.አ. በ2004 ባወጣው ጽሑፍ ሕዝበኝነት ማለት ኅብረተሰቡን ለሁለት ከፍሎ ማየት ነው ይላል፤ በአንድ ወገን ንጹሕ ሕዝብ፣ በሌላ ወገን ብልሹ ልሂቃን። ጀርመናዊው ያን ቬርነር ሙለር ደግሞ እ.ኤ.አ. በ2016 ባሳተመው መጽሐፍ አንድ ነገር ይጨምራል። ልሂቃንን መተቸት ብቻውን ማንንም ሕዝበኛ አያደርግም፤ ሕዝበኛው "እውነተኛውን ሕዝብ የምወክለው እኔ ብቻ ነኝ" የሚለው ነው። ከእሱ ጋር ያልተስማማ ሰው ተቃዋሚ አይባልም፤ ከነጭራሹ ከሕዝቡ መዝገብ ይፋቃል።

በሌላ በኩል አርጀንቲናዊው ኤርኔስቶ ላክላው አለ። እሱ ሕዝበኝነትን እንደ በሽታ ብቻ አያየውም። የውኃ፣ የመሬት፣ የሥራ ጥያቄ ያላቸው ሰዎች ሰሚ ሲያጡ ጥያቄዎቻቸው አንድ ላይ ይተሳሰሩና "እኛ ሕዝቡ" የሚል ድምፅ ይወጣቸዋል ይላል። ይህን ክርክር ችላ ማለት አይገባም። ሰሚ ያጣ ሰው ጮኸ ብለን "ሕዝበኛ" ብንለው፣ ሕመምተኛዋን "ለምን ታቃስቻለሽ" ብሎ መቆጣት ነው።

እስቲ ወደ አገራችን ልመለስ። እኛ አገር "ሕዝቡ እንዲህ ይላል" እያለ ሲናገር የኖረው ማን ነው? ብዙውን ጊዜ የተማረው ሰው ነው። ማለትም እኛ።

በየካቲት 1957 ዓ.ም. የቀዳማዊ ኃይለ ሥላሴ ዩኒቨርሲቲ ተማሪዎች "መሬት ለአራሹ" ብለው አዲስ አበባ ላይ ሰልፍ ወጡ። ጥያቄው እውነተኛ ነበር፤ በተለይ በደቡቡ የአገራችን ክፍል ጭሰኛው የልፋቱን ፍሬ ለባለርስት ያስረክብ ነበር። ከሦስት ዓመት በኋላ፣ በ1960 ዓ.ም.፣ የጎጃም ገበሬ አመፀ። ምን ብሎ? አዲሱን የእርሻ ገቢ ግብር አልከፍልም፣ መሬቴም አይለካም ብሎ። ይህን ታሪክ ገብሩ ታረቀ ስለ ሦስቱ የገበሬ አመፆች፣ ማለትም ስለ ትግራይ፣ ስለ ባሌና ስለ ጎጃም፣ በጻፉት መጽሐፍ በዝርዝር ታገኙታላችሁ። የጎጃም ገበሬ ርስት ነበረው፤ ፍርሃቱም "ለክተው ርስቴን ሊወስዱብኝ ነው" የሚል ነበር። መንግሥት ጦር ቢልክም በመጨረሻ ግብሩን ለማላላትና ጠቅላይ ገዥውን ለማንሳት ተገደደ።

እንግዲህ በአንድ ዘመን፣ በአንድ አገር፣ አንዱ ገበሬ መሬት ይሰጠኝ ይላል፤ ሌላው ገበሬ መሬቴን አትንኩብኝ ይላል። ሁለቱም ሕዝብ ናቸው። "ሰፊው ሕዝብ" በሚለው መፈክር ውስጥ ግን ሁለቱ አንድ ሆነው ጠፉ። በየካቲት 1967 ዓ.ም. ደርግ የገጠር መሬትን በአዋጅ የሕዝብ ሀብት ሲያደርግ ለብዙ ጭሰኛ እፎይታ ሆነ። ያው አዋጅ በወጣበት ዓመት የእድገት በኅብረት ዘማች ተማሪዎች ሕዝቡን ሊያነቁ ወደ ገጠር ተላኩ። ሊያነቁ እንጂ ሊጠይቁ አልነበረም። "ሰፊው ሕዝብ" የሚለው ቃል ግን ብዙ ሳይቆይ ያንኑ የተማረ ወጣት "ፀረ ሕዝብ" ብሎ የሚያስገድል ቃል ሆነ። በቀይ ሽብር ዘመን በዚህ ስም የተገደሉትን አስቡ። በሕዝብ ስም መናገር ስለት አለው፤ ስለቱም ወደ ተናጋሪው ይዞራል።

የ1987ቱ ሕገ መንግሥት አንቀጽ 8 ቃሉን በብዙ ቁጥር ጻፈው፤ ሉዓላዊነት "የብሔሮች፣ ብሔረሰቦችና ሕዝቦች" ነው አለ። ይህ ሕዝበኝነትን ያስቀራል ብለን ተስፋ ያደረግን እንኖር ይሆናል። የሆነው ግን ሌላ ነው። አንዱን ትልቅ "ሕዝቡ" ትተን ብዙ ትንንሽ "ሕዝቡ"ዎችን አበጀን፤ እያንዳንዱም የራሱ ብቸኛ ተወካይ ነኝ ባይ አለው። ዛሬም መንግሥት በሕዝብ ስም ይናገራል፣ ጠመንጃ ያነሳውም በሕዝብ ስም ይናገራል፣ ውጭ አገር ተቀምጦ ቪዲዮ የሚለቀውም በሕዝብ ስም ይናገራል። ሐምሌ 28 ቀን 2015 ዓ.ም. በክልላችን አስቸኳይ ጊዜ ከታወጀ ወዲህ ያየነውን እናንተም ታውቁታላችሁ። ምጥ የያዛት እናት መንገድ ተዘግቶባት ስትቀር፣ "ለሕዝቡ ነው" የሚሉት ወገኖች ሁሉ እሷን ከሕዝብ የቆጠሯት አይመስለኝም።

አሁን ወደ ሙያዬ ልግባ። እኛ ሐኪሞች ሥራችን በአንድ ቃል ላይ ቆሟል፤ ፈቃድ። ቀዶ ሕክምና ከመደረጉ በፊት ሕመምተኛዋ ምን እንደሚደረግላት፣ ምን ጉዳት ሊያመጣ እንደሚችል ይነገራታል፤ ጠይቃ፣ ገብቷት ትፈርማለች። ሦስት ነገሮችን ልብ በሉልኝ። አንደኛ፣ ፈቃድ የሚሰጠው በሰው ልክ ነው። "የዚህ ቀበሌ ሕዝብ ለቀዶ ሕክምና ተስማምቷል" የሚባል ነገር የለም። ሁለተኛ፣ ፈቃዱ ለተባለው ነገር ብቻ ነው። ለትርፍ አንጀት የፈረመችን ሴት፣ ስትነቃ "የሐሞት ከረጢትሽንም አውጥተነዋል፤ አምነሽን የለ?" ብንላት እንከሰሳለን፤ መከሰስም ይገባናል። ሦስተኛ፣ ሐሳቧን መለወጥ ትችላለች። ከፈረመች በኋላም፣ የቀዶ ሕክምናው ክፍል በር ላይ ደርሳም "ይቅርብኝ" ማለት መብቷ ነው።

ሕዝበኛ መሪ የሚያፈርሰው እነዚህን ሦስቱን ነው። ፈቃድ በጅምላ ይወስዳል፤ ለአንድ ነገር የተሰጠውን ለሌላ ያውላል፤ መልሶ የመንፈጊያውን በርም ይዘጋል። የሃንጋሪን ነገር እንውሰድ። ቪክቶር ኦርባን እ.ኤ.አ. በ2010 በምርጫ ነው ሥልጣን የያዘው፤ ማንም አላጭበረበረለትም። በምርጫ ቅስቀሳው ያላነሳውን አዲስ ሕገ መንግሥት በቀጣዩ ዓመት አጸደቀ። የዳኞችን የጡረታ ዕድሜ ከ70 ወደ 62 አወረደና ነባሮቹን ዳኞች አሰናበተ። ማዕከላዊ አውሮፓ ዩኒቨርሲቲ የሚባለው ተቋም እ.ኤ.አ. በ2019 ከቡዳፔስት ወደ ቪየና ለመሰደድ ተገደደ። ልብ በሉ፤ የሚነኩት በቅደም ተከተል የሚቆጥሩ፣ የሚመዝኑና የሚጠይቁ ተቋማት ናቸው። ፍርድ ቤት፣ ጋዜጣ፣ ዩኒቨርሲቲ። ለምን? እነዚህ "ሕዝቡ" የተባለውን ነገር ዘርዝረው "የትኛው? ስንቱ? መቼ ተጠየቀ?" ስለሚሉ ነው።

እዚህ ላይ ለእኛ በጣም ቅርብ የሆነ ጉዳይ ላንሳ። በጥቅምት 2011 ዓ.ም. በምዕራብ ጎጃም አዲስ ዓለም ላይ፣ ለጤና ምርምር ወደ ትምህርት ቤት የሄዱ ሁለት ተመራማሪዎች "ልጆቻችንን ሊመርዙ ነው" በሚል ወሬ በተቆጣ ሕዝብ ተደብድበው ተገደሉ። የሙያ ባልደረቦቻችን ነበሩ፤ ነፍሳቸውን ይማር። ያ ቀን ራሱ ሕዝበኝነት ነው አልልም፤ የተቆጣ ሕዝብና ሕዝበኛ ፖለቲካ አንድ አይደሉም። የሚበቅሉበት አፈር ግን አንድ ነው፤ "እነዚህ የተማሩት ከእኛ አይደሉም፤ የሚመጡት ሊጎዱን ነው" የሚል እምነት። ያ እምነት በአንድ ቀን ወሬ አልተፈጠረም። ለዘመናት ወደ መንደሩ የሄደው የተማረ ሰው አንድም ሊቆጥር፣ አንድም ሊያነቃ፣ አንድም ሊያስከፍል ነበርና። ወስዶ ሄዶ፣ ተመልሶ መጥቶ "ያገኘሁት ይህን ነው" ያለ ጥቂት ነው። ወንጀሉ ወንጀል ነው፤ ማመካኛ የለውም። እኛ ግን ልንሠራው የምንችለው ሥራ ያለው እዚህ ላይ ነው።

ልንሠራው እንደምንችልም ማስረጃ አለ። በ1995 ዓ.ም. የተጀመረውን የጤና ኤክስቴንሽን ፕሮግራም ተመልከቱ። የጤና ኤክስቴንሽን ባለሙያዋ "ሕዝቡን" አታውቀውም፤ የምታውቀው እነ እማማ እገሌን ነው። ቤት ለቤት ትሄዳለች፣ የማን ልጅ ክትባት እንደጎደለው ትመዘግባለች፣ የቤቱ ሰው እምቢ ሲል ለምን እምቢ እንዳለ ትሰማለች። የምትናገረውም በቤቱ ቋንቋ ነው። እኛ ዞን ደግሞ ይህ ቀላል ነገር አይደለም። ዳንግላ ገበያ ውስጥ አማርኛውም አውኚውም አብረው ይሸጣሉ ይገዛሉ። "ሕዝቡ ምን ይላል?" ለሚል ሰው መልሱ "በየትኛው ቋንቋ ጠይቀኸው?" ነው።

ብዙ ሆኖ መደራጀትንም ቢሆን ከውጭ አንማርም። በ1932 ዓ.ም. የተመሠረተው የሰባት ቤት አገው ፈረሰኞች ማህበር በየዓመቱ ጥር 23 እዚህ ኢንጅባራ ሲሰበሰብ ሜዳው በፈረስ ይሞላል። ያን ያህል ሰው ግን መንጋ አይደለም፤ መሪ አለው፣ ደንብ አለው፣ የተጣላም ይታረቅበታል። እድራችንም እንዲሁ ነው፤ ሰብሳቢው ቢያጠፋ ይጠየቃል፣ ይሻራል፣ የተባለው ሁሉ በቃለ ጉባኤ ይሰፍራል። አባል ሆኖ የተቃወመ ሰው ከእድሩ አይባረርም፤ ሲሞትም ይቀበራል። እኔ በበኩሌ ለዴሞክራሲ ከዚህ የተሻለ የአማርኛ ትርጉም አላውቅም።

ስለዚህ ለማህበራችን ሦስት ነገር ልጠይቅ። አንደኛ፣ መምህራኖቻችን፤ ተማሪ በመመረቂያ ጽሑፉ "ሕዝቡ ያምናል"፣ "ማህበረሰቡ ይቃወማል" ብሎ ሲጽፍ ቀይ እስክሪብቶ አንሡ። ማን? ስንት ሰው? የት? በምን ቋንቋ ተጠይቆ? በሉት። ሁለተኛ፣ በዞናችን ጥናት የምናካሂድ ሁሉ፣ ውጤቱ ጆርናል ላይ ከመውጣቱ በፊት ለተጠኑት ሰዎች ይነገር፤ በአውኚም በአማርኛም፣ በቤተ ክርስቲያን ደጅ፣ በመስጊድ፣ በእድር ስብሰባ። ማህበራችን ለዚህ የሚሆን የትራንስፖርት ወጪና አስተርጓሚ ማዘጋጀት አያቅተውም። ያን ጊዜ ከኋላችን የሚመጣው ወጣት ተመራማሪ ደብተሩን ይዞ ቀበሌ ሲገባ የሚያውቀው ሰው ይኖራል። ይህ ሕይወት የማዳን ሥራ ነው።

ሦስተኛው ትንሽ ነገር ይመስላል። ዛሬ ከሰዓት የሥራ አስፈጻሚ ምርጫ አለን። ልማዳችንን ታውቁታላችሁ። ሰብሳቢው "የተቃወመ አለ?" ይላል፤ እጅ ሳይወጣ "የለም፤ እንግዲህ በጭብጨባ አጽድቁልን" ይላል፤ እናጨበጭባለን። በቃ፣ "በሙሉ ድምፅ ጸደቀ" ተብሎ ይጻፋል። ዛሬ እንዲህ አይሁን። የደገፈ ይቆጠር፣ የተቃወመ ይቆጠር፣ ድምፀ ተአቅቦ ያደረገ ይቆጠር። የተቃወመው ሰው ምክንያቱን ይናገር፣ ቃለ ጉባኤ ላይም ይስፈር። ሦስት ሰው ቢሆን ሦስት ተብሎ ይጻፍ። ከዚያ ምሳችንን አብረን እንበላለን።