የደረቀ ዳቦ አይጣል፤ ቀለል ያለ የፍራፍሬ ዳቦ ፑዲንግ በቤታችን

(በማኅበራችን ወርኃዊ ስብሰባ ላይ ከቤት አያያዝ ክፍል ለአባላት የተሰጠ ንግግር ነው። በስብሰባው ላይ ላልተገኙ አባላት ይደርሳቸው ዘንድ በማስታወቂያ ሰሌዳችን ላይ እንዲወጣ ተደርጓል።)



 የዛሬው ንግግራችን ስለ ምግብ ነው። ምግብ ስንል ግን ስለ ድግስ ለማውራት አይደለም። ሁለት ነገሮች ስላሳሰቡን ነው።

አንደኛው የዳቦ ነገር ነው። ማለዳ ቆሻሻ ሰብሳቢዎች ሲመጡ በየበሩ ከሚወጣው ከረጢት ውስጥ የደረቀ ዳቦ ሲጣል ይታያል። እንደሚታወቀው ስንዴ ዛሬ ርካሽ አይደለም። በ2014 ዓ.ም. የዩክሬን ጦርነት ሲነሣ የስንዴ ዋጋ በዓለም ገበያ ላይ ምን ያህል ንሮ እንደነበር ሁላችንም ሰምተናል። «እህል አይረገጥም» እየተባለ ባደግንበት ሠፈር ዳቦ ከቆሻሻ ጋር ሲሄድ ማየት ደስ አይልም።

ሁለተኛው ጉዳይ ከዚህ ይበልጣል። በየወሩ ቡና ስንጠጣ፣ ልደትና ምርቃት ሲሆን፣ ኬክ ይቆረሳል። ኬኩ ቅቤና ስኳር የበዛበት ነው። ከመካከላችን ደግሞ የስኳር ሕመምና የደም ግፊት ያለባቸው አዛውንቶች አሉ። ታዲያ አሳላፊዋ ሳህኑን ይዛ «በሞቴ! አፈር ስሆን!» ስትል እምቢ ማለት ነውር ይመስላል። ሕመምን በሰው ፊት መናገርም ይከብዳል። ስለዚህ ዝም ብለው ይበላሉ፤ ማታ ቤታቸው ገብተው ይቸገራሉ። ይኼ በፍቅር የሚደረግ ነገር ነው፤ ጉዳቱ ግን ጉዳት ነው።

እንግዲህ ለሁለቱም በአንድ ጊዜ የሚረዳ አንድ ነገር ይዘን ቀርበናል። ይኸውም ከደረቀ ዳቦና ከፍራፍሬ የሚሠራ ቀለል ያለ ፑዲንግ ነው።

«ደግሞ የፈረንጅ ምግብ ምን ያደርግልናል?» የሚል አይጠፋም። እውነት ነው፣ ፑዲንግ የእንግሊዝ አገር ነገር ነው። ነገር ግን የተፈጠረው በችግር ነው፤ የደረቀ ዳቦ እንዳይጣል በወተት ተርሶ ይበላ ስለነበር «የድሃ ፑዲንግ» ይሉት ነበር። ፈረንሳዮች በእንቁላልና በወተት ነክረው የሚጠብሱትን የደረቀ ዳቦ «የጠፋ ዳቦ» ይሉታል። ግብፆችም ኡም አሊ የሚሉት፣ ከቂጣና ከወተት የሚሠራ ጣፋጭ አላቸው። እኛስ? እንጀራ ሲደርቅ ድርቆሽ አድርገን እናስቀምጥ የለም ወይ? ዳቦ ፍርፍርስ? ሐሳቡ አንድ ነው፤ የተለየው ቅመሙና ድስቱ ብቻ ነው።

«ቀለል ያለ» ማለት ምን ማለት ነው?

በተለመደው አሠራር ለ8 ሰው በሚበቃ ፑዲንግ ውስጥ 200 ግራም ስኳርና 100 ግራም ቅቤ ይገባል። 200 ግራሙ ስኳር ለ8 ሲካፈል ለአንድ ሰው 25 ግራም ይደርሳል። የዓለም የጤና ድርጅት በ2015 እ.ኤ.አ. ባወጣው መመሪያ ላይ አንድ ሰው በቀን የሚወስደው የተጨመረ ስኳር ከሚያገኘው ጉልበት ከ10 ከመቶ እንዳይበልጥ፣ ከ5 ከመቶ በታች ቢሆን ደግሞ እንደሚሻል ገልጿል። ይህ 5 ከመቶ የሚባለው ወደ 25 ግራም፣ ማለትም ወደ 6 የሻይ ማንኪያ ነው። ስለዚህ ያች አንዲት ቁራሽ ብቻዋን የቀኑን ስኳር ትጨርሳለች ማለት ነው። ቡናውና ሻይው ገና አልተቆጠረም!

እኛ ባዘጋጀነው አሠራር ቅቤው ቀርቷል፤ ስኳሩም ወደ 25 ግራም፣ ማለትም ወደ 2 የሾርባ ማንኪያ ወርዷል። ለአንድ ሰው የሚደርሰው 3 ግራም ያህል ነው። ጣዕሙን የሚሰጠው የበሰለ ሙዝና ማንጎ ነው። ከስኳሩና ከቅቤው ብቻ ለአንድ ሰው ከ170 ካሎሪ በላይ ይቀንሳል።

ለ8 ሰው የሚያስፈልገው

— የደረቀ ነጭ ወይም ቡናማ የፉርኖ ዳቦ፣ 250 ግራም (ተቆራርጦ 7 የውሃ ብርጭቆ ያህል)
— ወተት፣ 3 የውሃ ብርጭቆ (¾ ሊትር)
— እንቁላል፣ 3
— በደንብ የበሰለ ሙዝ፣ 3
— ማንጎ 1፣ ወይም ፖም 2
— ዘቢብ፣ 2 የሾርባ ማንኪያ
— ስኳር፣ 2 የሾርባ ማንኪያ
— ቀረፋ አንድ ስንጥር፣ የተፈጨ ኮረሪማ በሻይ ማንኪያ ጫፍ፣ የአንድ ብርቱካን ልጣጭ ተፈቅፍቆ
— ጨው ቁንጥር፣ ለሳህኑ መቀቢያ 1 የሻይ ማንኪያ ዘይት

ጥቁር አዝሙድ የገባበት ድፎ ዳቦ ለዚህ አይሆንም፤ ቅመሙ ከፍራፍሬው ጋር ይጣላል።

አሠራሩ

ሀ) ዳቦው በአውራ ጣት ውፍረት ይቆራረጥ። ትኩስ ዳቦ አይጠቅምም፤ ወተቱን በደንብ ሳይጠጣ ሊጥ ይሆናል። የደረቀው ግን እንደ ስፖንጅ ይመጠዋል። ዳቦው ገና ለስላሳ ከሆነ በወንፊት ላይ ዘርግቶ በንጹሕ ጨርቅ ሸፍኖ ማሳደር ነው።

ለ) ወተቱ ከቀረፋው ጋር ይፈላ። ከገበሬ ወይም ከላም አርቢ የተገዛ ጥሬ ወተት ከሆነ ሳይፈላ ከቶ አይገባም። ሲቀዘቅዝ ከላዩ የሚይዘውን ስልባቦት ገፈፍ አድርጉ፤ ስቡ ያለው እዚያ ነው። ወተቱ ለብ ሲል ቀረፋው ይውጣ።

ሐ) የእንቁላሉ አስኳል ከነጩ ይለይ። አስኳሉ ከስኳሩ ጋር ይመታና ለብ ያለው ወተት ቀስ በቀስ ይጨመርበት። ወተቱ የፈላ ከሆነ አስኳሉ እንደ እንቁላል ጥብስ ይበጣጠሳል፤ አትቸኩሉ። ጨው፣ ኮረሪማና የብርቱካኑ ልጣጭ ይግባበት። የብርቱካኑ ጭማቂ ግን አይግባ፤ ወተቱን ይበጥሰዋል።

መ) ይህ በዳቦው ላይ ይፍሰስና 30 ደቂቃ ይቆይ። አልፎ አልፎ በማንኪያ ጫን ጫን ማድረግ ነው።

ሠ) አንዱ ሙዝ ተደቁሶ ይግባ፤ የስኳሩን ቦታ የሚተካው እሱ ነው። ሁለቱ ሙዝና ማንጎው ተቆራርጠው ከዘቢቡ ጋር ይደባለቁ። ፖም ከሆነ ተፈቅፍቆ ይግባ።

ረ) አሁን ዋናው ምሥጢር ይመጣል። የእንቁላሉ ነጭ ቅባት በሌለው ሳህን ውስጥ በረዶ እስኪመስል ድረስ ይመታ። ከዚያም ሳይበጠበጥ፣ ከሥር ወደ ላይ እየተገለበጠ፣ ቀስ ተብሎ ይደባለቅ። ያ አረፋ የያዘው አየር ነው ፑዲንጉን ከፍ የሚያደርገውና ለአፍም ለሆድም ቀላል የሚያደርገው። ምንም ቅባት ሳይጨመር ማለት ነው።

ሰ) ዘይት በተቀባ የመጋገሪያ ሳህን ላይ ይገልበጥ። ይህም ሳህን ሙቅ ውሃ በያዘ ትሪ ውስጥ ተቀምጦ በ170 ዲግሪ ለ40 ደቂቃ ያህል ይጋገር። ውሃው እሳቱን ያበርደዋል። እንቁላል ሙቀት ሲበዛበት ይጠነክርና ውሃ ይተፋልና። መሐሉ ላይ ቢላ ተሰክቶ ንጹሕ ሆኖ ከወጣ ደርሷል። ከወጣ በኋላ 15 ደቂቃ ይረፍ።

መጋገሪያ ለሌለው ቤት

«እኛ ምድጃችን ከሰል ነው፤ ይኼ ለባለ መጋገሪያ ነው» እንዳትሉን! በድስት ይሠራል፤ እንዲያውም ይለሰልሳል። በትልቁ ድስት ሥር የታጠፈ ጨርቅ ወይም ትንሽ ሳህን ይቀመጥ። ፑዲንጉ ያለበት ትንሽ ድስት በላዩ ይቀመጥና እስከ ግማሹ ድረስ የሚደርስ ሙቅ ውሃ ይጨመር። ክዳኑ በንጹሕ ጨርቅ ይጠቅለል፤ አለበለዚያ ላቦቱ እየተንጠባጠበ ያረጥበዋል። በለስላሳ እሳት አንድ ሰዓት ያህል ይበቃዋል። ውሃው ሲጎድል ሙቅ ውሃ ነው የሚጨመረው፤ ቀዝቃዛ አይሆንም።

ስለ አናናስና ፓፓያ

እነዚህ ሁለቱ ጥሬያቸውን ወተትና እንቁላል ውስጥ ሲገቡ ችግር ያመጣሉ። በውስጣቸው ያለው ሥጋን ሳይቀር የሚያለሰልስ ንጥረ ነገር ወተቱን ያመርረዋል፤ እንዳይረጋም ያደርገዋል። መፍትሔው ቀላል ነው። ተቆራርጠው በትንሽ ውሃ ለጥቂት ደቂቃ ይፍሉና ተጠንፍፈው ይግቡ።

ለጾም ጊዜ

ወተትና እንቁላል የማይበላበት ወራት ብዙ ነው። ለዚህም መላ አለው። እንግሊዞች ቅቤም፣ ወተትም፣ እንቁላልም የማይገባበት፣ ከዳቦና ከፍራፍሬ ብቻ የሚሠሩት «የበጋ ፑዲንግ» የሚባል አላቸው። የሚገርመው፣ ቀድሞ በ19ኛው መቶ ዘመን መጨረሻ ገደማ የሚታወቀው ለበሽተኞች ማገገሚያ በነበሩ የውሃ ሕክምና ቤቶች ስም ነበር፤ እዚያ ቅባት የበዛበት ጣፋጭ ለታማሚ ይከብዳል ተብሎ ይህ ይሰጥ ነበርና። እንግዲህ ለጾመኛም ለታማሚም የሚስማማ ነው።

ፕሪምና እንጆሪ በሚወጣበት ወቅት አንድ ኪሎ የማይሞላ (700 ግራም ያህል) ይገዛ። ፕሪሙ ፍሬው ወጥቶ በግማሽ ብርጭቆ ውሃና በ3 የሾርባ ማንኪያ ስኳር 8 ደቂቃ ያህል ይንተክተክ። እንጆሪው መጨረሻ ላይ ለ2 ደቂቃ ይግባ። ጎድጓዳ ሳህን ውስጡ በሙሉ ቅርፊቱ በተነሣ ስስ የዳቦ ቁራጭ ይልበስ። ፍራፍሬው ከነጭማቂው ይጨመር፤ ከላይም በዳቦ ይከደን። በላዩ ሳህን፣ በሳህኑ ላይ ክብደት ያለው ነገር ተጭኖ ቀዝቃዛ ቦታ ይደር። ጠዋት ሲገለበጥ ዳቦው ጭማቂውን ጠጥቶ ቀይ ሆኖ ይገኛል። አንድ ማሳሰቢያ፤ አንዳንድ ዳቦ ወተት ወይም ቅቤ ስላለበት ጋጋሪውን መጠየቅ ነው። በረመዳን ለሚያፈጥሩ ጎረቤቶቻችን ደግሞ ሁለቱም ዓይነት ይሆናል።

ከዚህ በታች ያሉትን አጥብቀን እናሳስባለን

1ኛ. የደረቀ ዳቦና የሻገተ ዳቦ አንድ አይደሉም። የሻገተው ይጣል። «ሻጋታውን ቆርጬ እጥላለሁ» አይሠራም፤ ዓይን የማያየው ክሩ ወደ ውስጥ ዘልቋል። አንዳንድ ሻጋታ የሚተወው መርዝ ደግሞ በማብሰል አይጠፋም። ለዶሮም አይሰጥ።

2ኛ. ዳቦ በላስቲክ ታፍኖ ይሻግታል፤ በፍሪጅ ውስጥ ደግሞ ቶሎ ይደርቃል። ለፑዲንግ የታሰበ ዳቦ ተቆራርጦ፣ ነፋስ እያገኘ፣ እስኪኮሽ ድረስ ደርቆ በንጹሕ ዕቃ ይቀመጥ።

3ኛ. «ስኳሩ ቀንሷል» ማለት «የስኳር ሕመምተኛ እንደ ልቡ ይብላ» ማለት አይደለም። ዳቦው ራሱ በሆድ ውስጥ ስኳር ይሆናል፤ የበሰለ ሙዝና ዘቢብም ስኳር አላቸው። ሕመሙ ያለበት ሰው ስኳሩና ዘቢቡ ቀርቶ፣ ከቡናማ ዳቦ የተሠራ ትንሽ ቁራሽ ይውሰድ፤ ከሌላ ዳቦ ወይም እንጀራ ጋር ደርቦ አይብላ፤ የሐኪሙን ምክርም ያስቀድም።

4ኛ. ስኳሩን በማር የምትተኩ እናቶች፣ ማር ዓመት ላልሞላው ሕፃን እንደማይሰጥ አትርሱ። ለትናንሽ ልጆችም ዘቢቡ ቢቀር ወይም ቢደቅ ይሻላል፤ እንዳያንቃቸው።

5ኛ. የተረፈው ከ2 ሰዓት በላይ ውጭ አይደር። ፍሪጅ ያለው እስከ 2 ቀን ያቆየዋል፤ የሌለው ለጎረቤት ያካፍል። ይኼኛው እንዲያውም ይሻላል።

የተከበራችሁ አባላት፣

ጥርስ ለሌላቸው አዛውንት ይህ ምግብ ለስላሳ ነው። ከትምህርት ቤት ርቦት ለሚመጣ ልጅ ወተት፣ እንቁላልና ፍራፍሬ በአንድ ሳህን ይሰጣል። ጣፋጭ ምግብ ሁሉ ለሁሉም ሰው እንደማይሆን ግን ማስታወስ አለብን። ስለዚህ ከቡናው ጋር ሁለት ሐሳብ አቅርበናል፤ አባላትም ተስማምተውበታል።

የመጀመሪያው፣ በሚቀጥለው ወር የቡና ዕለት ከኬኩ ፋንታ ይህ ፑዲንግ በሁለት ትሪ ይቀርባል፤ አንደኛው ስኳርና ዘቢብ የሌለበት ይሆናል። ፈቃደኛ የሆናችሁ ያልሻገተ፣ ንጹሕ ደረቅ ዳቦ እንድታመጡ እንጠይቃለን።

ሁለተኛው፣ ከእንግዲህ ሳህን የሚያዞር ሁሉ አንድ ጊዜ ይጋብዝ፤ «አመሰግናለሁ፣ ይበቃኛል» ለሚል ሰው «በሞቴ» አይጨመርበት። ለምን እንደማይበላ አይጠየቅ። ሰው ሕመሙን ሳይናገር በክብር ቁጭ ብሎ ቡናውን የሚጠጣበት ሠፈር እንዲሆን ነው የምንፈልገው።